«ፒቺቺው እሱ ነው»፦ አባባሉ ከየት መጣ?

የላ ሊጋ ውድድር ወደ ማለቂያው ሲቃረብ ስፔኖች አንድ ጥያቄ አይጠፋቸውም። «ዘንድሮ ፒቺቺው ማን ይሆን?» ይላሉ። «ፒቺቺው እሱ ነው» ካሉ በውድድሩ ብዙ ጎል ያገባው እሱ ነው ማለታቸው ነው። እኛ ኮከብ ግብ አግቢ የምንለው ማለት ነው። አባባሉ ከላ ሊጋም አልፏል። ለዓለም ዋንጫም ይሉታል፤ ለሁለተኛ ዲቪዚዮንም ይሉታል። ቃሉ በስፔንኛ መዝገበ ቃላት ውስጥ ሳይቀር ገብቷል።

እኛ ጋ ስሙን የሰማ ሰው አብዛኛውን ጊዜ የዋንጫ ስም አድርጎ ነው የሚያውቀው። ከዋንጫው በፊት ግን ሰውየው ነበረ።

ራፋኤል ሞሬኖ አራንዛዲ ይባላል። በ1892 በቢልባኦ ከተማ ተወለደ (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። አባቱ ጠበቃ ነበሩ፤ የደህና ቤተሰብ ልጅ ነው። ደቃቃ ስለነበር ታላቅ ወንድሙ «ፒቺቺ» እያለ ይጠራው ጀመር ይባላል። ስሙም በዚያው ጸና። ካደገ በኋላም ቁመቱ ከ1 ሜትር ከ55 ሳንቲ ሜትር ብዙም አላለፈም። ሲጫወት ጭንቅላቱ ላይ ነጭ ጨርቅ ያስር ነበር። የዚያን ጊዜ ኳስ ደግሞ በማሰሪያ የሚታሰር ከባድ ቆዳ ነው። በቴስታ መምታት ያማል። እንዲህ ያለ አጭር ሰው የአጥቂ መስመሩን ይዞ ተከላካዮችን ማስጨነቁ ሁሌም ይገርመኛል።

አትሌቲክ ቢልባኦን የተቀላቀለው በ1911 ነው። በነሐሴ 1913 ክለቡ ሳን ማሜስ የተባለውን ስታዲየም መረቀ። ተጋጣሚው ሬሲንግ ኢሩን ነበር፤ በዚያው ዓመት የስፔንን ዋንጫ በፍጻሜ ከአትሌቲክ የነጠቀው ቡድን። ጨዋታው 1 ለ 1 አለቀ። በሳን ማሜስ ታሪክ የመጀመሪያዋን ጎል ያገባው ፒቺቺ ነው። ከዚያ በኋላ ቡድኑ የስፔንን ዋንጫ በ1914፣ በ1915 እና በ1916 በተከታታይ ወሰደ። በ1921 አራተኛውን ጨመረ።

በ1920 ስፔን ለመጀመሪያ ጊዜ ብሔራዊ ቡድን አቋቁማ ወደ አንትወርፕ ኦሎምፒክ ላከች። ፒቺቺ አምስቱንም ጨዋታ ተሰለፈ። በመጨረሻው ጨዋታ ኔዘርላንድስን 3 ለ 1 ሲያሸንፉ አንዷ ጎል የእሱ ናት። የብር ሜዳሊያ ይዘው ተመለሱ።

ቀጥሎ ያለው ግን ልብ ይሰብራል። ጉልበቱ እየደከመ ሲመጣ ያጨበጨበለት ሕዝብ ያጉረመርምበት ጀመር። በ1921 ጫማውን ሰቀለ። ዳኝነትም ሞክሮ ነበር። በመጋቢት 1922 የታይፈስ በሽታ ገደለው። ሠላሳ ዓመት እንኳ አልሞላውም ነበር። ያጉረመረመበት ከተማ ያን ጊዜ ደነገጠ።

አባባሉን ለመረዳት ይህን ድንጋጤ ማወቅ ያስፈልጋል ብዬ አምናለሁ። ፒቺቺ በሕይወቱ «ፒቺቺ» ሆኖ አያውቅም። ላ ሊጋ የተጀመረው እሱ ከሞተ ከሰባት ዓመት በኋላ፣ በ1929 ነው። በእሱ ጊዜ የክልል ውድድርና የስፔን ዋንጫ ብቻ ነበሩ። ታዲያ የጎል ንጉሥ ስም ለምን ለእሱ ተሰጠ? ከእሱ በኋላ ብዙ ጎል ያገቡ መጥተዋል። እንደ እሱ ቀድሞ የተወደደ ግን አልነበረም። የስፔን እግር ኳስ ገና ሲጀምር ሕዝቡ በቅጽል ስም ጠርቶ፣ በነጭ ጨርቁ ከሩቅ ለይቶ የሚያውቀው ተጫዋች እሱ ነበር። ሳይጠገብም ሄደ።

ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይባል የለ? በ1926 በሳን ማሜስ የነሐስ ሐውልት ቆመለት። ከዚያ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳን ማሜስ የሚመጣ ቡድን አምበሉ ሐውልቱ ሥር አበባ ያስቀምጣል። ይህን በ1927 የጀመረው የሃንጋሪው ኤምቲኬ ነው። በ2013 አሮጌው ስታዲየም ሲፈርስ ሐውልቱ ወደ አዲሱ ተዛወረ፤ ልማዱም አብሮ ሄደ።

ዋንጫው የመጣው በ1950ዎቹ ነው። «ማርካ» የተባለው የስፖርት ጋዜጣ ለላ ሊጋ ኮከብ ግብ አግቢ ሽልማት መስጠት ሲጀምር በእሱ ስም ጠራው። ከ1929 ጀምሮ የነበሩት ኮከቦችም ወደ ኋላ ተቆጥረው ፒቺቺ ተባሉ። ጋዜጣ በየሳምንቱ ስሙን ሲያትም፣ ሬዲዮ ሲደጋግመው፣ የሰው ስም መሆኑ ቀረና የማዕረግ ስም ሆነ። ስፔኖች ዛሬ እንደ ሰው ስም በትልቁ ሳይሆን እንደ ተራ ቃል በትንሹ ፊደል ጀምረው ይጽፉታል። ሊዮኔል ሜሲ ስምንት ጊዜ ፒቺቺ ሆኗል፤ በ2011–12 ያገባው 50 ጎል ነበር። ከሜሲ በፊት ክብረ ወሰኑ የቴልሞ ዛራ ነበር፤ ስድስት ጊዜ። እሱም የአትሌቲክ ቢልባኦ አጥቂ ነበር። ማርካ በኋላ ከስፔናውያን መካከል ብዙ ላገባ ሌላ ሽልማት ሲያወጣ «ዛራ» አለው። ስለዚህ በስፔን አንድ ዓመት ፒቺቺው የውጭ አገር ሰው፣ ዛራው የአገር ልጅ ቢሆን ሁለቱም ስሞች የቢልባኦ ናቸው።