ዲጂታል ማጂክ ኤዲቲንግ ነው እንዴ?
ጥያቄው ስለተደጋገመ ባጭሩ፦ አይደለም። ኤዲቲንግ ከቀረጻ በኋላ ኮምፒውተር ላይ የሚሰራ ነው፣ ዲጂታል ማጂክ (በአይፓድ ወይም በስልክ የሚቀርብ የአስማት ትርኢት) ግን ሰው ፊት ለፊት እያየ የሚሰራ ነው። ጀርመናዊውን አስማተኛ ሲሞን ፒየሮን ውሰዱ፣ አይፓዱ ላይ ቢራ ይታያል፣ ዘንበል ሲያደርገው የምር ቢራ ብርጭቆው ውስጥ ይንቆረቆራል። ስክሪኑ ላይ ያለው ቀድሞ የተዘጋጀ ነው፣ ቀሪው የእጅ ቅልጥፍናና ትወና ነው፣ ጣቱ ከምስሉ ትንሽ ከዘገየች አለቀ፣ ተበላ።

ስለዚህ ከፊልም ወደ ዲጂታል ማጂክ የገባ ተዋናይን አንዳንዶች እንደሚሉት ሙያውን ጣለ ማለት ይከብደኛል፣ ፈረንሳዊው አስማተኛ ሮቤር ኡዳን እኮ በፈረንጆቹ 1868 ነው አስማተኛ ማለት አስማተኛ ሆኖ የሚተውን ተዋናይ ነው ያለው።

እንደየሰው የሚለያየው መሳሪያው ነው፣ አንዱ በአይፓድ አንዱ በስልክ። ቲክቶክ ላይ ብቻ ያያችሁት ከሆነ ግን ኤዲትም ሊኖርበት ይችላል፣ እሱን ቪዲዮውን አይቶ ብቻ መለየት ከባድ ነው።