የመስመር አጥቂ ምንድን ነው? ናቫስን «ጎል የለውም» ለሚሉ

«ዊንገር ሆኖ ጎል ከሌለው ምን ዋጋ አለው?» ይህችን አባባል ስሰማ ደሜ ይፈላል። (ዊንገር ማለት የመስመር አጥቂ ነው፣ በሜዳው ጎን በኩል የሚያጠቃ ተጫዋች።) ሰሞኑን ደግሞ በሄሱስ ናቫስ ላይ መጣች። ተናጋሪው በዚህም አላቆመም፤ «ጎል ስለሌለው ነው እኮ መጨረሻ ላይ ወደ ተከላካይነት ያወረዱት» ብሎ አረፈው።

እሺ፣ እንነጋገር።

ናቫስ ማን እንደሆነ ብዙ አልዘረዝርም። ቀኝ እግረኛ፣ ቀኝ መስመር፣ ቀጭን፣ ፈጣን። እ.ኤ.አ. በ2003 በስፔኑ ክለብ በሴቪያ ዋናው ቡድን ጀመረ፣ በዲሴምበር 2024 ጫማውን ሰቀለ። መሃል ላይ አራት ዓመት ማንቸስተር ሲቲ ነበር። ለሴቪያ ብቻ 705 ጨዋታ አድርጓል። የዓለም ዋንጫ አለው፣ ሁለት የአውሮፓ ዋንጫ አለው። ይሄን ሁሉ ነገር ሰውየው በዕድል ያገኘው አይመስለኝም።

የመስመር አጥቂ ዋናው ስራው ጎል ማግባት አይደለም። ሲያገባ ጥሩ ነው፤ በረኛም ሲያገባ ጥሩ ነው። ስራው ሜዳውን ማስፋት ነው። ኖራው ላይ፣ ማለትም የሜዳው የጎን መስመር ላይ፣ ተጣብቆ ይቆማል። የተጋጣሚው የመስመር ተከላካይ ያኔ ሁለት ምርጫ አለው፣ ሁለቱም መጥፎ ናቸው። ተከትሎት ወደ ጠርዝ ከወጣ ከኋላው፣ በሱና በመሃል ተከላካዩ መካከል ቀዳዳ ይከፈታል። መሃሉን ልጠብቅ ካለ ደግሞ ናቫስ ኳሱን ዞሮ ይቀበላል፤ ናቫስ ዞሮ ከተቀበለ በሩጫ የሚደርስበት ሰው ጥቂት ነበር። ልብ በሉ፣ እስካሁን ኳስ አልነካም። ስራው ግን ተሰርቷል።

የሰርግ ድንኳን ሲተከል ያየ ይገባዋል። የተጋበዘው ሰው የሚያየው መሃሉን ነው፣ ጭፈራውን፣ ሙሽሮቹን። ጥግ ላይ ያለውን ገመድ ማንም አያይም፣ እግሩን ካላደናቀፈው በቀር። ያ ገመድ ካልተወጠረ ግን ሸራው ጭፈራው ላይ ይወርዳል። የመስመር አጥቂ ገመዱ ነው። በአንድ ጎን ብቻ ወጥረህ ሌላውን ከለቀቅከው ድንኳኑ ይዘማል፤ ስለዚህ በግራም ሰው ያስፈልጋል። ሴቪያ በ2010 የኮፓ ዴል ሬይ (የስፔን ንጉሥ ዋንጫ) ፍጻሜ አትሌቲኮ ማድሪድን 2 ለ 0 ሲያሸንፍ ያገቡት የግራው ዲዬጎ ካፔልና የቀኙ ናቫስ ነበሩ፣ ማለትም ሁለቱ ገመዶች (አዎ፣ ይሄ የኔን ክርክር እንደማያግዝ አውቃለሁ)። ገመዱ ደግሞ ካስማ ይፈልጋል። ካስማው በሴቪያ የመጀመሪያ ዓመታቱ ከኋላው የነበረው የቀኝ ተከላካዩ ዳኒ አልቬስ ነው ልል ነበር፤ ግን አልቬስ አንድ ቦታ ተተክሎ የሚቆም ሰው ስላልነበር ድንኳናችንን እዚህ ጋ ብናፈርሰው ይሻላል።

የ2010 የዓለም ዋንጫን አስታውሱ። ስፔን መሃል ላይ ዣቪ፣ ኢኒዬስታ፣ ቡስኬትስ፣ አሎንሶ ነበሯት። ሁሉም ወደ መሃል ይጎተታሉ። የመጀመሪያውን ጨዋታ በስዊዘርላንድ 1 ለ 0 ተሸነፉ። ያኔ አሰልጣኙ ዴል ቦስኬ ወደ ተቀያሪ ወንበሩ ዞሮ የጠራው ማንን ነው? ናቫስን። ከሆንዱራስ ጋር ከመጀመሪያው አሰለፈው፤ ናቫስ ተጠልፎ ወድቆ ፍጹም ቅጣት ምት አስገኘ፣ ቪያ ሳተው። በፍጻሜው ከሆላንድ ጋር በ60ኛው ደቂቃ በፔድሮ ተቀይሮ ገባ። የኢኒዬስታን የ116ኛ ደቂቃ ጎል ሁሉም ሰው በቃሉ ያውቃታል። እስቲ ቪዲዮውን ትንሽ ወደ ኋላ መልሱትና እዩ፤ ኳሱን ከራሱ ሜዳ ይዞ እየሮጠ የመጣው ናቫስ ነው። ከዛ በኋላ ብዙ እግር ነክቷታል፤ ቶሬስ ከግራ አሻገራት፣ ሆላንዶች በከፊል አወጧት፣ ፋብሬጋስ ለኢኒዬስታ ሰጠው። መዝገቡ ላይ የሚገኙት ኢኒዬስታና ፋብሬጋስ ብቻ ናቸው።

እዚህ ጋ የሙያዬን አንድ ነገር ላስገባ፣ ማንም ባይጠይቀኝም። የቲቪ ካሜራ ኳሱን ነው የሚከተለው። ጠርዝ ላይ ቆሞ ሁለት ሰው የያዘ ተጫዋች ከስክሪኑ ውጪ ነው ያለው። ስለዚህ ጨዋታን በቲቪ ብቻ አይቶ «ዛሬ አልታየም» ማለት ቀልድ ነው። በእርግጥ አልታየም!

ወደ ሲቲ እንምጣ፣ ክሱ የመጣው ከዛ ነውና። ናቫስ ጎል ማግባት አይችልም ለማለት ይቸግራል፤ በኖቬምበር 2013 ቶተንሃም ላይ ጨዋታው በተጀመረ በ14ኛው ሰከንድ ነው ያገባው፣ የዛን ቀን ሁለት ጎል ነበረው፣ ሲቲም 6 ለ 0 አሸነፈ። በዚያው የውድድር ዓመት ሊጉን በሉ። በኋላ ግን ጎሉ ጠፋ፣ እሱን አልክድም። ግን የሚያሻማ፣ ማለትም ከጠርዝ ወደ ጎል ፊት ኳስ የሚልክ ሰው በሳጥኑ ውስጥ የሚቀበለው ይፈልጋል። በሴቪያ አጥቂዎቹ ካኑቴና ሉዊስ ፋቢያኖ ነበሩለት። ወደ ሲቲ ሲሄድም አጥቂው ኔግሬዶ በዚያው ክረምት ከሴቪያ አብሮት መጥቶ ነበር፤ ከዓመት በኋላ ኔግሬዶ ሄደ። ሌላው አጥቂ ጄኮም በ2015 ተከተለ። ዋናው አጥቂ ሆኖ የቀረው አጉዌሮ ነው። አጉዌሮ ድንቅ አጥቂ ነው፣ ግን የአየር ላይ ኳስ ጠብቆ የሚኖር ሰው አልነበረም።

«የተሻማው ኳስ ስኬት በመቶኛ ዝቅተኛ ነው» የሚሉም አሉ። የማን ከፍተኛ ነው? የሚሻማ ኳስ አብዛኛው፣ ማንም ያሻማው፣ ለባልደረባ አይደርስም። በዛ ላይ አንዳንዱ ቆጠራ የማዕዘን ምትን ይጨምራል፣ አንዳንዱ አይጨምርም፤ ሁለቱን አደባልቆ ተጫዋች የሚያወዳድር ሰው ስታገኙ ዝም ብላችሁ እለፉት።

አሁን ዋናው የሚያበሳጨኝ ነገር፣ «ወረደ» የሚሉት። በ2016-17 የሲቲ አሰልጣኝ የነበረው ጋርዲዮላ ናቫስን በቀኝ ተመላላሽነት (በመስመር ተከላካይነት) ሞከረው። በ2017 ወደ ሴቪያ ሲመለስ ቦታው እሱ ሆነ። ምን ተለወጠ? መነሻው ሃያ ሰላሳ ሜትር ወደ ኋላ ሄደ፣ በቃ። መድረሻው ያው የሜዳው መጨረሻ መስመር ነው። በ2020 የኢሮፓ ሊግ ግማሽ ፍጻሜ ማንቸስተር ዩናይትድን ያሰናበተችው የሉክ ዴ ዮንግ ጎል ናቫስ ካሻማው የመጣች ናት። በፍጻሜው ከኢንተር ጋር ዴ ዮንግ በጭንቅላት ያስቆጠራት የመጀመሪያዋም እንዲሁ። «ተከላካዩ» ናቫስ! በ2023 ፍጻሜ ደግሞ ቡዳፔስት ላይ ሮማን ሲገጥሙ ናቫስ አሻማ፣ የሮማው ማንቺኒ በራሱ ጎል ላይ አስገባ፣ ሴቪያ አቻ ሆኖ በመለያ ምት ዋንጫውን ወሰደ። በራስ ላይ የገባ ጎል ስለሆነ ለናቫስ አመቻቸ ተብሎ አይመዘገብም። በቁጥር ብቻ የሚያነብ ሰው ያቺን ኳስ አያገኛትም።

ታዲያ ሳላህና ያማልስ? እነሱ በሌላ እግራቸው ወደ ውስጥ የሚቆርጡ ናቸው። ግራ እግረኛ በቀኝ። ስራቸው ከጎል ጋር ይበልጥ የተያያዘ ነው፣ በጎል ብትመዝኗቸው አልቀየምም። ችግሩ የነሱን ሚዛን አምጥቶ ናቫስ ላይ መጫን ነው። ያማልም ቢሆን መጀመሪያ ጠርዝ ላይ ቆሞ ነው የሚጠብቀው፣ ስለዚህ በሁለቱ ዓይነት አጥቂዎች መካከል ያለው ልዩነት እኔ እንደምለው የጠራ አይደለም።

የ2024ቱን የአውሮፓ ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ ከፈረንሳይ ጋር እዩት። ካርቫሃል ታግዷል። በስፔን ቀኝ መስመር ከፊት የ16 ዓመቱ ያማል፣ ከኋላው የ38 ዓመቱ ናቫስ። ያማል ወደ ውስጥ ቆርጦ በግራው የመታት ኳስ ሁሉም የሚያስታውሳት ናት። ናቫስ በበኩሉ ቢጫ አየ፣ በሁለተኛው አጋማሽም ተቀይሮ ወጣ። የፈረንሳይም ጎል በሱ በኩል ነው የመጣችው፣ ይሄንን መደበቅ አልፈልግም፤ እምባፔ ከፊቱ ቆሞ አሻማ፣ ኮሎ ሙአኒ በጭንቅላት አገባ። በነገራችን ላይ እምባፔ በዚያች ቅጽበት የሰራው ናቫስ ሃያ ዓመት ሙሉ ሲሰራው የኖረውን ስራ ነው።