ብርቅዬ መጋለቢያዎችን ማደን በወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት

በወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት፣ ብዙ ሰዎች በኢንተርኔት አብረው በሚጫወቱት የኮምፒውተር ጨዋታ፣ ብርቅዬ መጋለቢያ ማደን፣ በተጫዋቾች አነጋገር «ማውንት ፋርሚንግ»፣ አንድን ቦስ (ኃያል ጠላት) ወይም ብቻውን የሚዞር ጭራቅ ደጋግሞ በመግደል እጅግ አልፎ አልፎ የሚጥለውን ፈረስ፣ ዘንዶ ወይም ወፍ የማግኘት ልማድ ነው። ጨዋታውን ብሊዛርድ የተባለው ኩባንያ ያወጣው ኖቬምበር 23 ቀን 2004 ሲሆን ልማዱም አብሮት አድጓል (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ብርቅዬው እንስሳ ካራክተሩን (ተጫዋቹ የሚመራውን ገጸ ባሕርይ) አያጠነክርም፤ ፍጥነቱም በወርቅ ከሚገዛው ተራ እንስሳ አይበልጥም። ዋጋው ያለው በመልኩና በባለቤቶቹ ማነስ ነው። ሆኖም በጨዋታው ውስጥ ከማንኛውም የጦር ትጥቅ በላይ ዕድሜ ያለው ሀብት ይኸው ነው። ዛሬ የተገኘ ምርጥ ሰይፍ ቀጣዩ ኤክስፓንሽን (የጨዋታው ማስፋፊያ) ሲወጣ ዋጋ ያጣል፤ በ2007 የተገኘ አሽስ ኦፍ አላር የተባለው የእሳት ወፍ ግን ዛሬም በከተማ አደባባይ ሲያርፍ ዓይን ይስባል።

የዕድሉ ስሌት

ብሊዛርድ የአብዛኞቹን መጋለቢያዎች የመውደቅ ዕድል በይፋ አውጥቶ አያውቅም። የሚታወቁት ቁጥሮች ተጫዋቾች የሰበሰቧቸው ናቸው፤ መጀመሪያ በቶትቦትና በአላካዛም ድረ ገጾች፣ ከ2006 ወዲህ ደግሞ በዋውሄድ። ዋውሄድ መረጃውን የሚያገኘው የራሱን መመዝገቢያ ፕሮግራም ከጫኑ ሰዎች ነው። አንድ ቦስ በበርካታ የክብደት ደረጃዎች የሚገደል ሆኖ መጋለቢያውን የሚጥለው በአንዱ ብቻ ከሆነ፣ ገጹ ላይ የሚታየው መቶኛ ከእውነተኛው ሊያንስ ይችላል። ስለዚህ ቁጥሩን ከማመን በፊት የየትኛው ደረጃ መሆኑን ማየት ያስፈልጋል።

የታወቁት የሬይድ (በትልቅ ቡድን የሚካሄድ ዘመቻ) መጋለቢያዎች ዕድል በአብዛኛው ከመቶ አንድ ገደማ ነው። ብዙ ጀማሪ መቶ ጊዜ ከገደለ እንደሚያገኝ ያስባል፤ ስሌቱ ግን እንደዚያ አይደለም። በመቶ ሙከራ የማግኘት ዕድሉ 63 በመቶ ነው፤ ከሦስት ሰዎች ከአንድ በላይ የሚሆነው ባዶ እጁን ይቀራል። ግማሽ ዕድል የሚሞላው በ69ኛው ሙከራ፣ 90 በመቶ የሚሆነው በ230ኛው፣ 99 በመቶ ለመድረስ ደግሞ 459 ሙከራ ያስፈልጋል። እያንዳንዱ ግድያ ከቀደመው ጋር ግንኙነት የለውም፤ 400 ጊዜ የከሸፈበትም ሆነ ዛሬ የጀመረው ቀጣይ ዕድላቸው እኩል ነው። አንዳንድ ተጫዋቾች በተወሰነ ሰዓት መግባት ወይም በአዲስ ካራክተር መግደል ዕድል ይጨምራል ይላሉ። ይህን የሚደግፍ ማስረጃ የለም።

ዕድልን የሚጨምረው አንድ ነገር የሙከራው ብዛት ብቻ ነው። የሬይድ ቦስ ለአንድ ካራክተር በሳምንት አንድ ጊዜ ብቻ ይገደላል፤ ይህ «ሎክአውት» ይባላል። በአንድ ካራክተር ብቻ የሚሞክር ሰው 69 ሙከራ ለመሙላት አንድ ዓመት ከአራት ወር ገደማ ይፈጅበታል፤ አሥር ካራክተሮች ያሉት ግን በሰባት ሳምንት ይጨርሰዋል። ይህን አካሄድ አዋጭ ያደረገው በኦገስት 2012 የወጣው ፓች (የጨዋታ ማሻሻያ) 5.0.4 ነው። ከዚያ በፊት መጋለቢያ የአንድ ካራክተር ንብረት ነበር፤ ከዚያ ወዲህ አብዛኞቹ በአካውንቱ ላሉ ካራክተሮች ሁሉ የጋራ ሆኑ።

የመጀመሪያዎቹ ዓመታት

በመጀመሪያው ዘመን ስሙ የገነነው ባሮን ሪቨንዴር በስትራትሆልም የሚጥለው የዴዝቻርጀር ፈረስ ነበር። ዕድሉ ከመቶ አንድ እጅግ ያነሰ ነበር፤ በኋላ ወደ አንድ በመቶ ገደማ ከፍ ብሏል። ስትራትሆልም ደንጀን (ለአነስተኛ ቡድን የተሠራ ቦታ) እንጂ ሬይድ ስላልሆነ ሳምንታዊ ገደብ የለውም። በአገልግሎት በር ይገባል፤ በሦስቱ ዚጉራቶች (ግንቦች) ያሉት ባሮነስ አናስታሪ፣ ኔሩበንካንና ማሌኪ ከነአገልጋዮቻቸው ይገደላሉ፤ ከዚያ ራምስታይን፣ በመጨረሻም ባሮኑ። ሲያበቃ ከደንጀኑ ወጥቶ የራስን ምስል በቀኝ ክሊክ ተጭኖ «ሪሴት ኦል ኢንስታንስስ» ማለት ነው። ብዙ ሰው የሚሰናከለው በዚጉራት ውስጥ ያሉትን አገልጋዮች ሳይጨርስ በመውጣቱ ነው፤ አንድ እንኳ ከቀረ ወደ ባሮኑ የሚያስገባው በር አይከፈትም። በሰዓት የሚከፈቱ ደንጀኖች ቁጥርም የተገደበ ነው፤ ቀድሞ 5 ነበር፣ በኋላ 10 ሆኗል።

በ2005 የተከፈተው ዙል ጉሩብ ሁለት መጋለቢያዎች ነበሩት፤ ከማንዶኪር ራፕተሩ፣ ከቴካል ነብሩ። ካታክሊዝም የተባለው ኤክስፓንሽን በ2010 ሲመጣ ሬይዱ ከነመጋለቢያዎቹ ተነሣ። በ2011 ደንጀን ሆኖ ሲመለስ ይዞ የመጣው ሌሎች እንስሳትን ነው። የቀድሞዎቹ ሁለቱ ዛሬ የሚገኙት አልፎ አልፎ በጨዋታው ውስጥ ባለው ብላክ ማርኬት ጨረታ ብቻ ነው።

በበርኒንግ ክሩሴድ ኤክስፓንሽን ዘመን ካራዛን ውስጥ የአቱመን ፋየሪ ዎርሆርስ መጣ። ይህ እስከ ዛሬ ከሁሉ የቀለለ ሳምንታዊ ሙከራ ነው፤ ሚድናይት የተባለችው ፈረስ ስትመታ ጌታዋ ይመጣል፣ ነገሩ በሁለት ደቂቃ ያበቃል። አሽስ ኦፍ አላር ግን ትዕግሥት ይጠይቃል። በቴምፐስት ኪፕ ሦስቱ ቦሶች ካልሞቱ የኬልታስ በር አይከፈትም። ኬልታስም ቢሆን አራት አማካሪዎቹን ተራ በተራ፣ ከዚያ የጦር መሣሪያዎቹን፣ ከዚያ አማካሪዎቹን በአንድነት ካላስገባ ራሱ አይዋጋም፤ ተጫዋቹ ምንም ያህል ጠንካራ ቢሆን ንግግሩን ማሳጠር አይችልም። በመካከሉ ኢንተርኔት ከተቋረጠ ወይም መብራት ከሄደ ውጊያው ከመጀመሪያው ይጀምራል። ዕድሉ ከመቶ ሁለት ትንሽ ዝቅ ይላል።

የሊች ኪንግ ዘመን

ስለ ራዝ ኦፍ ዘ ሊች ኪንግ (2008–2010) እዚህ የተጻፈው ከሌላው ዘመን ሁሉ የበለጠ ነው፤ ይገባዋልም። ልማዱ ዛሬ ያለውን መልክ የያዘው በዚህ ጊዜ ነው። ኤክስፓንሽኑ ከመውጣቱ ጥቂት ቀደም ብሎ በኦክቶበር 2008 በወጣው ፓች 3.0.2 መጋለቢያዎች ከቦርሳ ወጥተው በዝርዝር መቀመጥ ጀመሩ፤ እስከዚያ ድረስ እያንዳንዱ እንስሳ የቦርሳ ቦታ ይይዝ ስለነበር ብዙ መሰብሰብ አስቸጋሪ ነበር። አንድ መቶ መጋለቢያ ለሰበሰበ ድራገንሆክ የሚሸልመው ማዕረግም የዚህ ዘመን ፍሬ ነው።

በስቶርም ፒክስ ተራራዎች ላይ የሚዞረው ታይም ሎስት ፕሮቶ ድሬክ ከሁሉም ይለያል። ከተገደለ መጋለቢያው መቶ በመቶ ይወድቃል፤ ችግሩ እሱን ማግኘቱ ነው። የሚወጣበትን ጊዜና ቦታ ቪራጎሳ ከተባለች ሰማያዊ ዘንዶ ጋር ይጋራል፤ አብዛኛውን ጊዜ የምትወጣው እሷ ናት። ቪራጎሳ ስትታይ መተው ስሕተት ነው፤ ካልተገደለች የሚቀጥለው አይወጣምና። በሁለት መውጣቶች መካከል ብዙ ሰዓታት ያልፋሉ። ስለዚህ ደጅ ጠኚዎቹ ሲልቨርድራገን የተባለውን አድኦን (ተጨማሪ ፕሮግራም) ከፍተው በአንዱ መንገዱ ላይ ይቆማሉ። ዘንዶው ሲታይ መጀመሪያ የሚያስፈልገው በሩቅ የሚደርስና ወዲያው የሚወረወር ጥቃት ነው፤ በአየር ላይ ሲሞት ሬሳው ከገደል በታች ሊወድቅ ስለሚችል የመውደቂያ መከላከያ ያለው ሰው ይቀድማል።

በኡልዱዋር ሬይድ ዮግ ሳሮን የተባለው ቦስ ሚሚሮንስ ሄድ የተባለውን መጋለቢያ ይጥላል፤ ቅድመ ሁኔታው ያለ ምንም ጠባቂ ርዳታ መግደል ነው። ፍሬያ፣ ሆዲር፣ ሚሚሮንና ቶሪም ከተሸነፉ በኋላ በክቡ አዳራሽ ቆመው ርዳታ ያቀርባሉ። ከአንዳቸው ጋር እንኳ ከተነጋገሩ የዚያ ሳምንት ሙከራ ከንቱ ቀረ። የጠባቂዎቹ ርዳታ ስለሌለ «ሳኒቲ» የተባለው የአእምሮ መለኪያ ከ100 ተነሥቶ ይቀንሳል እንጂ አይሞላም፤ ዜሮ ሲደርስ ካራክተሩ ለቦሱ ይገዛል፣ ብቻውን ለሚዋጋ ሰው ነገሩ እዚያ ላይ አበቃ። በመጀመሪያው ምዕራፍ የሚወጡት ዘበኞች መሞት ያለባቸው ሣራ የተባለችው ሴት አጠገብ ነው፤ የሚጎዳት የእነሱ ፍንዳታ ነው። በሁለተኛው በበሩ ገብቶ አንጎሉን እስከ 30 በመቶ ማውረድ፣ የማሳበጃው ድግምት ሳያልቅም መውጣት ያስፈልጋል። በመጨረሻው ቦሱ ሲያፈጥ ፊትን ማዞር ነው፤ ያላዞረ ሳኒቲው በየሴኮንዱ ይቀንሳል።

የዘመኑ ዘውድ ግን ኢንቪንሲብል ነው፤ የአርታስ (የሊች ኪንግ) ፈረስ፣ ክንፍ አውጥቶ የሚበር። ሊች ኪንግ በ25 ተጫዋች ሂሮይክ (ከባዱ) ደረጃ በአይስክራውን ሲታደል ሲሞት ይጥለዋል። ይህን ደረጃ በዓለም መጀመሪያ ያሸነፈው በማርች 2010 ፓራጎን የተባለው የፊንላንድ ጊልድ (የተጫዋቾች ማኅበር) ነው። በዚያን ዘመን ኢንቪንሲብልም ሆነ ሚሚሮንስ ሄድ በየግድያው አንድ መውደቃቸው አይቀርም ነበር፤ ካታክሊዝም ሲመጣ ሁለቱም ወደ አንድ በመቶ ገደማ ወረዱ።

ዛሬ ብቻውን የሚሄድ ሰው ከመግባቱ በፊት የሌጋሲ (የድሮ) ሬይድ ደረጃን 25 ተጫዋች ያደርጋል። የሰው ቁጥሩ የመጀመሪያው ቦስ ከሞተ በኋላ አይለወጥም፤ ኖርማልና ሂሮይክን ግን ውስጥ ሆኖ መቀያየር ይቻላል። ስለዚህ አብዛኛው ሰው በኖርማል ጠርጎ ሊች ኪንግ ፊት ሲደርስ ወደ ሂሮይክ ይቀይራል። መቀየሩን የረሳ ሰው ሳምንቱን ሙሉ ይጠብቃል፤ ይህ ስሕተት ከሁሉም የተለመደው ነው።

ከፊቱ አሥራ አንድ ቦሶች አሉ። የሚያዘገየው ቫሊትሪያ ድሪምዎከር ናት፤ የምትገደል ሳትሆን የምትፈወስ ዘንዶ ናትና። ድሩይድ፣ ፓላዲን፣ ፕሪስት፣ ሻማንና መንክ በሩ ላይ ወደ ፈዋሽነት ቢቀይሩ ጊዜ ይቆጥባሉ። ከሊች ኪንግ ጋር ሲዋጉ መድረኩ መሃል መቆም ይመረጣል፤ የዳሩ ክፍል ይፈርሳል፣ ቫልኪር የተባሉት በራሪ ፍጡራንም ተጫዋቹን አንሥተው ከጫፍ ይጥሉታል። ንጉሡ 10 በመቶ ሕይወት ሲቀረው ፊዩሪ ኦፍ ፍሮስትሞርን በሚባለው ጥቃት ሁሉንም ይገድላል። ይህ የታሪኩ ክፍል ነው። «ሪሊዝ ስፒሪት» የሚለው ቁልፍ መነካት የለበትም፤ የአርታስ አባት ቴረናስ መጥቶ እስኪያስነሣ ድረስ ተኝቶ መጠበቅ ነው። ቁልፉን ተጭኖ ከወጣ ተጫዋች እጅ ድሉ ያመልጣል።

በዚሁ ዘመን ኦኒክሲያ በ2009 በአዲስ መልክ ተመልሳ የራሷን ድሬክ መጣል ጀመረች፤ ሙከራው አምስት ደቂቃ አይፈጅም።

ከዚያ ወዲህ

ካታክሊዝም ከአልአኪር፣ ከራግናሮስና ከደዝዊንግ የሚወድቁ በራሪዎችን አመጣ። ሚስትስ ኦፍ ፓንዳሪያ ደግሞ የመስክ ቦሶችን ይዞ መጣ፤ ሻ ኦፍ አንገር የሚጥለው ሄቨንሊ ኦኒክስ ክላውድ ሰርፐንት ዕድሉ በግምት ከሁለት ሺህ አንድ ነው። በዚህ ስሌት ግማሽ ዕድል ለመድረስ 1,386 ሙከራ ያስፈልጋል፤ አሥር ካራክተሮች ላሉት ሰው ከሁለት ዓመት ተኩል በላይ ማለት ነው። ዋርሎርድስ ኦፍ ድሬኖር ከሩክማር የሚወድቀው ሶላር ስፓየርሆክ ይነሣለታል። በሌጅን ዘመን መጨረሻ የመጣው «ሌጋሲ ሉት» የተባለው ደንብ የድሮ ሬይዶችን ምርኮ ለብቻው ተጫዋች በሙሉ ሰጠ፤ ወርቁንና ልብሱን እንዳበዛ ግልጽ ነው፣ በመጋለቢያ ዕድል ላይ ያመጣው ለውጥ ግን ያከራክራል።

ሳምንታዊው ዙር

ሎክአውት በአሜሪካ ሰርቨሮች ማክሰኞ፣ በአውሮፓ ረቡዕ ይታደሳል። አፍሪካና መካከለኛው ምሥራቅ በአውሮፓ ሪጅን ሥር ስለሚቆጠሩ ከአዲስ አበባም ሆነ ከዱባይ ለሚጫወት ሳምንቱ የሚጀምረው ረቡዕ ጠዋት ነው። በርካታ ካራክተሮችን የሚያዞር ሰው ሴቭድኢንስታንስስ የተባለውን አድኦን ይጠቀማል፤ የትኛው ካራክተር የትኛውን ቦስ እንደጨረሰ በአንድ ሰንጠረዥ ያሳየዋል። ሬሪቲ ደግሞ ሙከራዎችን ይቆጥራል። ልምድ ያላቸው ሰዎች አንዱን ካራክተር በሬይዶች ሁሉ ከማዞር ይልቅ ሁሉንም ካራክተሮች በአንድ ሬይድ በር ላይ ያቆማሉ፤ ብዙ ጊዜ የሚበላው ውጊያው ሳይሆን ጉዞው ነው። ቦርሳ ሳይሞላ መግባት፣ ቦሱ እንደሞተም ሳይዘገዩ ሬሳውን መክፈት ሌላው መሠረታዊ ጥንቃቄ ነው።

የሚያከራክረው

በፌብሩዋሪ ወር የፍቅር በዓል በሻዶፋንግ ኪፕ የሚገኘው የሮኬት መጋለቢያ ከ2010 ጀምሮ ዕድሉ ከሺህ አንድ እንኳ የማይሞላ ነበር። ብሊዛርድ በ2024 የአካውንቱ የቀን የመጀመሪያ ሙከራ የተሻለ ዕድል እንዲኖረው አደረገ፤ ይህን አብዛኛው ሰው በደስታ ተቀብሎታል።

በዚያው ዓመት ከሜይ እስከ ኦገስት የተካሄደው የፓንዳሪያ ሪሚክስ የተባለው ጊዜያዊ ዝግጅት ግን ሰውን ከፈለ። የሻ ኦፍ አንገር ሰርፐንትን ጨምሮ የመስክ ቦሶቹ መጋለቢያዎች እያንዳንዳቸው በ38,500 ብሮንዝ (የሪሚክሱ ገንዘብ) ተሸጡ፤ ተግቶ የተጫወተ ሰው በጥቂት ሳምንታት ሁሉንም ገዛ። ደጋፊዎቹ ከሁለት ሺህ አንድ የሆነ ዕድል መጀመሪያውኑ ፍትሐዊ አልነበረም ይላሉ። ዓመታት ያሳለፉት አዳኞች ያነሡት ቅሬታ ሚዛን ይደፋል፤ ለመጋለቢያው ዋጋ የሰጠው ብርቅነቱ ነበርና፣ ያ ከተነሣ በኋላ የድሮውን ባለቤት ከአዲሱ የሚለይ አንድም ምልክት በእንስሳው ላይ አልቀረም።

ኢንቪንሲብልና ሚሚሮንስ ሄድ በሪሚክሱ አልተሸጡም። በሴፕቴምበር 2022 የተከፈቱት የራዝ ክላሲክ ሰርቨሮች (የራዝ ኦፍ ዘ ሊች ኪንግን ዘመን ጨዋታ መልሰው ያስጫወቱ) ግን የድሮውን ደንብ መልሰው ነበር፤ በዚያ ሊች ኪንግን በ25 ሂሮይክ የገደለ ቡድን ፈረሱን ያለ ዕጣ ያገኝ ነበር፣ የሚቀረው ከሃያ አምስቱ ለማን እንደሚሰጥ መስማማት ብቻ ነበር።