የፊልም ጽሑፍ ሙያ በሐዋሳ

በሐዋሳ ፊልም የሚጽፍ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ሌላ እንጀራ አለው፤ መምህር ነው፣ የመንግሥት ሠራተኛ ነው፣ ወይም በሬዲዮ ይሠራል። ከሬዲዮ ድራማ የመጣው በጽሑፉ ይታወቃል፤ ገጸ ባሕሪው በር ሲከፍት «ቆይ በሩን ልክፈተው» ይላል። ካሜራ እንደሚያየው ለማመን ጊዜ ይወስድበታል።

በ1952 ዓ.ም. የተቆረቆረችው ሐዋሳ ከአዲስ አበባ ወደ 275 ኪሎ ሜትር ትርቃለች። የመዲናዋ ፊልም ሠሪዎች ሐይቋን ለፍቅር ትዕይንት ሲፈልጓት ኖረዋል፤ ነዋሪዋ ግን በእነዚያ ፊልሞች ከአስተናጋጅነትና ከጀልባ ቀዛፊነት እምብዛም አልፎ አይታይም። በ1990ዎቹ ዲጂታል ካሜራ ወጪውን ሲያቀለው የክልል ከተሞችም የራሳቸውን ታሪክ መቅረጽ ቻሉ።

የአካባቢው ጸሐፊ ብልጫ እዚህ ላይ ነው። ትዕይንቱን «ውጪ፤ ማለዳ፤ አሞራ ገደል» ብሎ በሐይቁ ዳር ባለው የዓሣ ገበያ ሲጀምር የሚጠብቀውን ያውቃል። ዓሣ አጥማጁ መረቡን ያራግፋል፣ ልጆች ቆሮሶ የተባለውን ዓሣ ያጸዳሉ፣ አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች በሰው መሃል ተገትረው የዓሣ ትርፍራፊ ይጠብቃሉ። ገዢና ሻጭ በሚጯጯሁበት በዚያ ሰዓት ረጅም ቃለ ተውኔት አይቀረጽም፤ ስለዚህ ገበያው ላይ ተዋናዩን ዝም ያሰኘውና ጠቡን ወደ ቤት ይወስደዋል።

ቋንቋው ሌላ ጣጣ አለው። ሲዳምኛ ከ1980ዎቹ አጋማሽ ወዲህ በላቲን ፊደል ይጻፋል፤ እናት በሲዳምኛ ተናግራ ልጅ በአማርኛ ሲመልስ አንዱ ገጽ ሁለት ዓይነት ፊደል ይይዛል። ሁለቱን እኩል የማያነብ ተዋናይ ድርሻውን በጆሮ ያጠናል። እኔን ከጠየቃችሁኝ፣ እንዲህ ያለው ትዕይንት በአንድ ቋንቋ ተስተካክሎ ከተጻፈው ይልቅ የከተማዋን ቤት ይመስላል።

ስም ማግኘትማ ለማንም ቀላል አልሆነም። በ1957 ዓ.ም. የታየውን «ሂሩት አባቷ ማነው» የተሰኘ ፊልም የጻፈው እላላ ኢብሳ እንኳ ዛሬ ብዙ አይነሳም። አዋጅ ቁጥር 410/1996 የደራሲን መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠብቃል። ውሉ በቃል ሲሆን ግን ጸሐፊው የሚያስረዳበት ወረቀት የለውም። ከቀረጻ በኋላ የሚተርፈው ቅጂም ዳይሬክተሩ በእስክርቢቶ የሰራረዘው፣ ጠርዙ ላይ የምሳ ሒሳብ የተደመረበት ነው።