«የባሪያህን ያህል ጠላት አለህ»፦ የሮማውያን አባባል፣ ትርጉሙና አመጣጡ

የጥንት ሮማውያን ጌቶች የሚሏት አንዲት አጭር አባባል ነበረች። በላቲን «ኩዎት ሴርዊ፣ ቶት ሆስቴስ» ትባላለች። ቃል በቃል ስትፈታ «ስንት ባሪያ፣ ያን ያህል ጠላት» ማለት ናት። በእኛ አነጋገር «የባሪያህን ያህል ጠላት አለህ» ብትባል ይቀላል። ቤትህ ውስጥ አሥር ባሪያ ካለ አሥር ጠላት አብሮህ ያድራል። አራት መቶ ካለም አራት መቶ።

ተናጋሪው ሁልጊዜ ጌታው ነው። ምክሩም ግልጽ ነው፦ አትመናቸው፣ ጀርባህን አትስጣቸው፣ ካንተ ፍርሃት አይውጡ።

እዚህ ላይ «ባሪያ» የሚለውን ቃል የምጠቀመው ሌላ ስላጣሁ ነው። እኛ ዘንድ ቃሉ እስከ ዛሬ ሰው የሚዋረድበት ስድብ ነው። ባርነት በ1934 ዓ.ም. በአዋጅ ቢሻርም ስድቡ አብሮ አልተሻረም። ግን «አሽከር» ወይም «ሎሌ» ብል የሮማን ጉድ ማለሳለስ ይሆንብኛል። አሽከር ከከፋው ጌታውን ጥሎ ይሄዳል። የሮማው ባሪያ፣ በላቲን «ሴርቩስ»፣ ግን በሕግ ፊት ንብረት ነው። ይሸጣል፣ ይወረሳል፣ ይከራያል።

ሮማውያን ለባሪያ የነበራቸው የስም ብዛት ራሱ ይገርማል። በጌታው ቤት የተወለደው «ቨርና» ነው። የባሪያ ባሪያ የሆነው «ዊካሪዩስ» ይባላል፤ አዎ፣ ባሪያም በሥሩ ባሪያ ሊኖረው ይችል ነበር። ወታደር ተከትሎ የሚዘምተው አገልጋይ ደግሞ «ካኩላ» ነው። ይሄኛው ብርቅ ቃል ነው፤ በተውኔት ጸሐፊው በፕላውቱስ ሥራ ውስጥ ብቅ ይላል። በር የሚጠብቀው፣ እግር በእግር የሚከተለው፣ ለጌታው የመንገደኛውን ስም በጆሮው የሚነግረው፣ ሁሉም የየራሱ መጠሪያ አለው። አባባሏ ግን ይህን ሁሉ ልዩነት ጠቅልላ «ጠላት» አለችው።

ከየት መጣች? (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ፌስቱስ የተባለ የሮማ ሊቅ ባዘጋጀው የቃላት መጽሐፍ ውስጥ አንድ ደስ የሚል ማብራሪያ አለ። ሲኒዩስ ካፒቶ የሚባል የሰዋስው ምሁር፣ አባባሏን ሰው ገልብጦ ነው የሚናገራት ይላል። በእሱ አስተያየት መጀመሪያ የተባለው «ስንት ጠላት፣ ያን ያህል ባሪያ» ነው። ምክንያቱም ባሪያ የሚገኘው ከጦር ሜዳ ነበር። ጠላትን ታሸንፋለህ፣ ትማርካለህ፣ ትሸጣለህ። ጠላቱ በበዛ ቁጥር ባሪያው ይበዛል። እንዲህ ሲሆን አባባሏ የፍርሃት ሳትሆን የድል ፉከራ ነበረች ማለት ነው።

ካፒቶ ትክክል ይሁን አይሁን፣ ታሪኩ ሐሳቡን ይደግፋል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ167 ዓመት የሮማ ጦር ኤፒሮስ የምትባለውን የግሪክ አገር ሲዘርፍ 150,000 ሰው ለባርነት እንደተሸጠ የሮማ ታሪክ ጸሐፊው ሊቪዩስ ጽፏል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ57 ዓመት የሮማው የጦር አዛዥ ዩሊየስ ቄሳር በጎል ምድር (የዛሬዋ ፈረንሳይና አካባቢዋ) አንድ ከተማ ያዘና ሕዝቡን በጅምላ ሸጠ። የገዙት ነጋዴዎች ቁጥሩን 53,000 ብለው እንደነገሩት ራሱ መዝግቧል። የሮማ ሕግ ሊቃውንትም «ሴርቩስ» የሚለው ስም የመጣው «ማዳን» ከሚለው ግስ ነው ይሉ ነበር። የጦር አዛዡ ምርኮኛውን ከመግደል «አድኖ» ስለሚሸጠው ነው አሉ። በዚህ አፈታት ባሪያ ማለት ሞቱ የተዘለለለት ጠላት ነው።

የፉከራዋ አባባል እንዴት የፍርሃት እንደሆነች ለመረዳት ወደ ሲሲሊ መሻገር ያስፈልጋል።

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ135 ዓመት ገደማ፣ ኤና በምትባል የሲሲሊ ከተማ ዳሞፊሎስ የሚባል ሀብታም ነበር። ታሪኩን የጻፈው ዲዮዶሮስ ነው። ዳሞፊሎስ ባሪያዎቹን ራቁታቸውን ያሰማራቸው ነበር። አንድ ቀን ልብስ ስጠን ብለው መጡ። «መንገደኛ በአገሩ ላይ ራቁቱን ነው እንዴ የሚሄደው?» አላቸው። ዝረፉና ልበሱ ማለቱ ነው። ከዚያ ከምሰሶ ጋር አስሮ አስገረፋቸው። ሚስቱ ሜጋሊስም ሴት አገልጋዮቿን በማሰቃየት ከእሱ አታንስም ነበር።

ግፉ ሞልቶ ፈሰሰ። ባሪያዎቹ ኤውኑስ የሚባል ሶርያዊ መሪ አድርገው ተነሡ፣ ኤናንም ያዙ። ዳሞፊሎስ ተገደለ። ሜጋሊስ ለገዛ አገልጋዮቿ ተሰጠች፤ አሰቃይተው ገደል ወረወሯት። አመፁ ደሴቲቱን አጥለቅልቆ እስከ 132 ድረስ ቆየ።

ባልና ሚስቱ ግን ሴት ልጅ ነበረቻቸው። ልጅቱ የተገረፉትን ታጽናና፣ የታሰሩትን ትረዳ ነበር። በዚያ ሁሉ ደም መፋሰስ መሀል አንድም ሰው እጁን አላነሣባትም። አጅበው ካታና ከተማ ዘመዶቿ ዘንድ በሰላም አደረሷት። ያው ቤት ነው፣ ያው ባሪያዎች ናቸው። ለእሷ ግን ጠላት አልነበሩም። ስለዚህች አባባል ከተጻፈው ሁሉ እኔ በጣም የምወደው ማስረጃ ይሄ ነው።

ከዚያ ወዲህ የመጣውን፣ ስፓርታከስ የመራውን የባሪያዎች አመፅ አብዛኛው ሰው ያውቀዋል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ71 ሲሸነፍ፣ የተማረኩ 6,000 ሰዎች ከካፑዋ እስከ ሮም ባለው የአፒያ መንገድ ዳርና ዳር ተሰቀሉ። ከዚህ በኋላ የሮማ ጌታ «የባሪያህን ያህል ጠላት አለህ» ሲል ቀልዱን አልነበረም።

አባባሏን ለእኛ ያቆየልን ዋናው ሰው ሴኔካ ነው። ፈላስፋ ነው፣ የንጉሠ ነገሥቱ የኔሮ አስተማሪና አማካሪም ነበር። ለመጽሐፍ ቅዱስ አንባቢ ደግሞ በዝምድና ይቀርባል። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 18 ጳውሎስ የቆመበት ችሎት ላይ የነበረው የአካይያው አገረ ገዢ ጋልዮስ የሴኔካ ታላቅ ወንድም ነው።

ሴኔካ ከቤተ መንግሥት ርቆ በመጨረሻዎቹ ዓመታቱ ለወዳጁ ለሉኪሊዩስ ብዙ ደብዳቤ ጽፏል። 47ኛው ስለ ባሪያዎች ነው። የማዕዱን ሥርዓት እንዲህ ይስለዋል። ጌታው ሆዱ እስኪወጠር ይበላል። ባሪያዎቹ ጦማቸውን፣ አፋቸውን ዘግተው፣ ሌሊቱን ሙሉ ይቆማሉ። ሹክ ያለ በበትር ይመታል። ሳል፣ ማስነጠስ፣ ስቅታ ሳይቀር ያስገርፋል። ታዲያ ምን ይሆናል? በጌታቸው ፊት መናገር የተከለከሉት ዞር ሲሉ ጌታቸውን ያሙታል። ጥንት ግን ከጌታቸው ጋር ያወሩ የነበሩት ለእሱ አንገታቸውን ለመስጠት ዝግጁ ነበሩ፤ በግብዣ ላይ ያወራሉ፣ ሥቃይ ሲመጣ ደግሞ ዝም ይላሉ። ምስጢሩን አያወጡም ማለቱ ነው።

ከዚያ ወደ አባባላችን ይመጣል። የትዕቢት ተረት ይላታል። መልሱም አጭር ነው፦ «ጠላት ሆነው አላገኘናቸውም፤ እኛ ነን የምናደርጋቸው።»

ደብዳቤው የሚከፈተው ደግሞ በእንዲህ ዓይነት ምልልስ ነው። «ባሪያዎች ናቸው። የለም፣ ሰዎች ናቸው። ባሪያዎች ናቸው። የለም፣ አብረውን የሚኖሩ ናቸው። ባሪያዎች ናቸው። የለም፣ ዝቅ ያሉ ወዳጆች ናቸው።» ቀጥሎ ዕድል በሁላችንም ላይ እኩል ሥልጣን እንዳላት ካሰብክ እነሱም እኛም ባሪያዎች ነን ይላል። ካሊስቱስ የሚባለውን ሰው ምሳሌ ያደርጋል። ጌታው እንደማይረባ ቆጥሮ ከተራዎቹ ጋር ለገበያ አውጥቶት ነበር። ካሊስቱስ ነፃ ወጣ፣ በቤተ መንግሥትም ገናና ሆነ። ሴኔካ ያ የቀድሞ ጌታ ካሊስቱስ ደጃፍ ላይ ቆሞ፣ ሌላው ሲገባ እሱ ሲከለከል በዓይኔ አየሁ ይላል።

ደብዳቤው ያምራል። ነገር ግን ከመጻፉ ጥቂት ቀደም ብሎ ሮም ውስጥ የሆነውን ማስታወስ ግድ ነው።

ዓመቱ 61 ዓ.ም. ነው። የሮም ከተማ ሹም ፔዳኒዩስ ሴኩንዱስ በገዛ ባሪያው ተገደለ። የታሪክ ጸሐፊው ታኪቱስ ሁለት ምክንያት ይጠቅሳል፤ አንዱ፣ ባሪያው ነፃነቱን ለመግዛት ዋጋ ተዋውሎ ጌታው ስለካደው ነው ይላል። በጥንቱ ልማድና በ10 ዓ.ም. በጸደቀ ውሳኔ መሠረት ጌታው ቤቱ ውስጥ ከተገደለ በዚያ ጣራ ሥር ያደሩት ባሪያዎች ሁሉ ይሞታሉ። በፔዳኒዩስ ቤት ደግሞ 400 ነበሩ። ሴቶችና ልጆች አሉባቸው። አብዛኞቹ ንጹሕ እንደሆኑ ማንም አይጠራጠርም።

የከተማው ሕዝብ ሰልፍ ወጣ። ጉዳዩ በምክር ቤት ታየ። ካሲዩስ የሚባል የሕግ ሊቅ ተነሥቶ ይገደሉ ብሎ ተከራከረ። ንግግሩ አባባላችን ተዘርዝራ ማለት ናት። አባቶቻችን በዚያው ቤት የተወለዱትን እንኳ ይጠረጥሩ ነበር፤ አሁን የየአገሩን ሕዝብ ቤታችን አስገብተን በፍርሃት ካልያዝናቸው በምን እንይዛቸዋለን አለ። ንጹሐንም ይሞታሉ የሚለውን አልካደም፤ ለብዙኃኑ ጥቅም ሲባል ነው አለ። ተነሥቶ በግልጽ የተቃወመው አንድም ሰው አልነበረም፤ ጉምጉምታ ብቻ ተሰማ። ሕዝቡ ድንጋይና ችቦ ይዞ መንገድ ሲዘጋ ኔሮ መንገዱን በወታደር አሳጠረው። 400ዎቹም ተገደሉ።

ሴኔካ ያኔ ገና የኔሮ አማካሪ ነበር። ታኪቱስ በዚህ ታሪክ ውስጥ ስሙን አንድም ጊዜ አያነሣም። ይህን ሳውቅ ደብዳቤውን ወረወርኩት ማለት አልችልም። እንዲያውም ደጋግሜ አነበብኩት። «እኛ ነን የምናደርጋቸው» ሲል ያ «እኛ» ራሱን የሚጨምር ይመስለኛል። ባርነት ይቅር እንዳላለም መታወቅ አለበት። የጠየቀው ጌቶች ደግ እንዲሆኑ ነው። ትልቁ ጉድለቱም ይሄ ነው።

ደግነቱ ብቻውን እንደማይበቃ ሮማውያን ራሳቸው ጽፈዋል፤ ከሌላ አቅጣጫ ቢሆንም። ከአርባ ዓመት ገደማ በኋላ ፕሊኒዩስ የተባለ የሮማ ሹምና ደራሲ ስለ ላርኪዩስ ማኬዶ ግድያ ለወዳጁ ጻፈ። ማኬዶ ትዕቢተኛና ጨካኝ ጌታ ነው። የገዛ አባቱ ግን ባሪያ ነበር። ፎርሚያይ በምትባል ከተማ ባለው ቤቱ ገላውን ሲታጠብ ባሪያዎቹ ከበቡት። አንዱ ጉሮሮውን ያዘ፣ ሌላው ፊቱን መታ። ሞተ ብለው በጋለው ወለል ላይ ጣሉት። ለጥቂት ቀናት ተርፎ፣ ገዳዮቹ ሲቀጡ አይቶ ሞተ። ፕሊኒዩስ ራሱ ለባሪያዎቹ ከብዙዎች የተሻለ ሰው ነበር። እሱም ግን ሲደመድም፣ ደግ ነኝና አይነኩኝም የሚል ማንም የለም፤ ጌቶች የሚገደሉት በክፋት እንጂ በፍርድ አይደለም አለ። ፍርሃቱ ምን ያህል ሥር እንደሰደደ ከዚህ ይታያል። የማኬዶን ጭካኔ በራሱ እጅ ጽፎ እንኳ ምክንያቱን እዚያ ላይ አላየውም።

በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ማክሮቢዩስ የሚባል ሮማዊ ጸሐፊ የሴኔካን መልስ ወስዶ ተጨማሪ ታሪኮች አከለበት። አንዱ የኡርቢኑስ ባሪያ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ43 ዓመት ሮምን በጋራ የያዙ ሦስት ገዢዎች የሚገደሉ ሰዎችን ስም ዝርዝር አውጥተው ነበር፤ ኡርቢኑስም አለበት። ገዳዮቹ ሲመጡ ባሪያው የጌታውን ልብስ ለበሰ፣ ቀለበቱን አጠለቀ፣ መኝታው ላይ ተጋደመ። እሱን መስሏቸው ገደሉት። ኡርቢኑስ አመለጠ፣ በኋላም መቃብሩ ላይ ሐውልት አቆመለት። ይህን ታሪክ ሰው ሲያደንቀው እኔ ትንሽ ይከብደኛል። ባሪያ ጠላት አለመሆኑን ለማሳመን መሞት ነበረበት?

ዛሬ አባባሏ ከባርነት ውጪም ትጠቀሳለች። ሠራተኞቹን የሚሰልል አለቃን፣ ሕዝቡን የሚፈራ ገዢን ለመግለጽ ትሆናለች። ለእኛ ግን የምትቀርበው በቤት ሠራተኛ በኩል ነው። የቤት ሠራተኛ ባሪያ አይደለችም፤ ደመወዝተኛ ናት። ሆኖም «ሠራተኛ አይታመንም» እያሉ ስኳር የሚቆልፉ፣ የተረፈውን ለብቻዋ ጓዳ የሚያበሉ ቤቶች እንዳሉ ሁላችንም እናውቃለን። ወደ ዓረብ አገር ሄደው ፓስፖርታቸው የተወሰደባቸው፣ በር የተቆለፈባቸው እህቶቻችን ደግሞ የሴኔካን ደብዳቤ ሳያነቡት ያውቁታል። «ጠላት ሆነው አላገኘናቸውም» የሚለው ግማሽ ተቆርጦ «የባሪያህን ያህል ጠላት አለህ» ብቻ ሲጠቀስ ከሰማችሁ፣ ሴኔካ የጻፈው ሊያፈርሳት ስለሆነ ቀሪውን አብራችሁ ንገሩ።