በፖስታ ድምፅ መስጠት ምንድን ነው?

የአሜሪካ ምርጫ ሰሞን ደሴ፣ አክስቴ ቤት ቡና እየጠጣን ቴሌቪዥኑ «ሰዎች ድምፃቸውን በፖስታ ላኩ» አለ። አክስቴ ጀበናውን እንደያዘች «ፖስተኛው ከፍቶ ቢያየውስ?» አለች። ጥያቄዋ ትክክል ነበር።

መልሱ ሁለት ፖስታ ነው። መራጩ ድምፅ መስጫ ወረቀቱ በአድራሻው ይላክለታል። ምልክት ካደረገበት በኋላ ስም በሌለው ፖስታ ያሽገዋል፤ እሱን ደግሞ ስሙና ፊርማው ያለበት ሌላ ፖስታ ውስጥ ይከተዋል። አስፈጻሚዎቹ የውጭውን ከመዝገብ ያመሳክራሉ፤ የውስጡን ሳይከፍቱ ከሌሎቹ ጋር ይደባልቁታል። ከዚያ ወዲያ የማን እንደሆነ እነርሱም አያውቁትም። አሠራሩ ከአገር አገር ቢለያይም መሠረቱ ይህ ነው።

«ቤት ውስጥስ ባልየው አጠገቧ ቆሞ ቢያስሞላት?» አለች አክስቴ። ለዚህኛው መልስ አላገኘሁላትም። ምርጫ ጣቢያ ያለው መጋረጃ ሳሎን ውስጥ የለም። ፈረንሳይ በማጭበርበር ምክንያት የፖስታ ድምፅን በ1975 ሰርዛለች (ዓመቶቹ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)።

ነገሩን ያስጀመረው ወታደር ነው። በ1864 በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት መካከል ፕሬዚዳንት ሊንከን ዳግም ሲወዳደር፣ በርካታ የሰሜን ግዛቶች ወታደሩ ካለበት ሆኖ እንዲመርጥ ፈቀዱ፤ ገሚሱ በጦር ሰፈሩ ኮሮጆ ቀርቦለት፣ ገሚሱ ወደ ግዛቱ ልኮ መረጠ። ብሪታንያ በ1918 ታኅሣሥ 14 ድምፅ ሰጥታ ቆጠራውን እስከ 28 አቆየችው፤ ከባሕር ማዶ የሚመጣውን የወታደር ድምፅ እየጠበቀች። ለሲቪሉ ጀርመን በ1957 ፈቀደች። አሜሪካ ውስጥ ኦሪገን በ2000 የፕሬዚዳንት ምርጫን ሙሉ በሙሉ በፖስታ ያካሄደች የመጀመሪያዋ ግዛት ሆነች።

እኛ ጋ ደብዳቤ የሚመጣው ፖስታ ቤት ወዳለው ሳጥን እንጂ ወደ ቤት አይደለም። የአክስቴ አድራሻ «ከመስጊዱ ጀርባ፣ ሰማያዊው በር» ነው፤ ፖስታ ላይ አይጻፍም። ስለዚህ የእኛ ሕግ ወረቀቱን ወደ ሰው ከመላክ ይልቅ ለወታደር፣ ለተማሪና ለተፈናቃይ ልዩ ምርጫ ጣቢያ ያቋቁማል።

ጅዳ ያለው ልጇ ግን በዚህም አይደረስበትም፤ በውጭ አገር ላለ ኢትዮጵያዊ ድምፅ መስጫ አልተዘጋጀም። አክስቴ ይህን ስነግራት ሁለተኛውን ቡና ቀዳችና «ብሩንማ በስልክ ይልክልኛል» አለች።