የስፓርታከስ የመጨረሻ ሲዝን፦ እውነት የመሰለው ፈጠራ፣ ፈጠራ የመሰለው እውነት

የ«ስፓርታከስ» የቴሌቪዥን ድራማ የመጨረሻ ሲዝን «ዋር ኦፍ ዘ ዳምንድ» እ.ኤ.አ. በ2013 በ10 ክፍል የቀረበ ሲሆን፣ ከ73 እስከ 71 ቅ.ል.ክ. በጣሊያን በስፓርታከስ መሪነት በሮም ላይ የተካሄደውን የባሪያዎች ጦርነት ማብቂያ ይተርካል። ስለ ጦርነቱ የምናውቀውን አብዛኛውን ያቆዩልን የጥንት ታሪክ ጸሐፊዎቹ ፕሉታርክና አፒያን ናቸው፤ ሁለቱም የጻፉት ከ150 ዓመት በላይ ቆይተው ነው። ተመልካቹ ብዙ ጊዜ «ይሄስ ተጋነነ» የሚለው የተጻፈውን ታሪክ ሲያይ ነው፤ ያለ ጥርጣሬ የሚቀበለው ደግሞ የተፈጠረውን። ፍጻሜው ከዚህ በታች ስለሚነገር ድራማውን ያላያችሁ ተጠንቀቁ።

«ድራማው ያበቃው ዋናው ተዋናይ ስለሞተ ነው»

አይደለም። አንዲ ዊትፊልድ ያረፈው በ2011 ነው። ከዚያ በኋላ ሊያም ማኪንታየር ተተክቶ ሁለት ሙሉ ሲዝን ሠርቷል።

«ዩልየስ ቄሳር ስፓርታከስን ወግቷል»

በድራማው ቄሳር ጺሙን አሳድጎ፣ አማጺ መስሎ ከተማ ሰርጎ ይገባል። በዚያን ዘመን ቄሳር ሠላሳ ሊሞላው የተቃረበ ሰው ነበር፤ ወታደራዊ ትሪቡን (የሌጌዎን፣ ማለትም የሮማ ክፍለ ጦር መኮንን) ሆኖ መመረጡም ተጽፏል። በዚህ ጦርነት ዘመተ የሚል የጥንት ጸሐፊ ግን የለም። አማጺዎቹን እንዲያጠፋ የተሾመው የሮማ አዛዥ የክራሰስ ልጅ ተብሎ የቀረበው ጢባርዮስም ፈጠራ ነው፤ የሚታወቁት ልጆቹ ማርከስና ፑብሊየስ ናቸው። አማጺዎቹ ያዟት የተባለችው ሲኑኤሳ በእርግጥ የነበረች ከተማ ናት። እንደያዟት የተጻፈችው ግን ደቡብ ያለችው ቱሪ ናት። እዚያም ስፓርታከስ ነጋዴዎች ወርቅና ብር እንዳያስገቡ ከልክሎ፣ ብረትና ነሐስ ብቻ ያስገዛ ነበር። ለጦር መሣሪያ መሆኑ ነው።

«ክራሰስ የገዛ ወታደሮቹን በዕጣ ማስገደሉ የደራሲው ጭካኔ ነው»

ይህ እንዲያውም ከሁሉ በተሻለ የተመዘገበው ነው። ክራሰስ ሙሚየስ ለተባለ አዛዥ ሁለት ሌጌዎን ሰጥቶ «ተከተላቸው፣ ግን እንዳትገጥም» አለው። ሙሚየስ ገጠመ፣ ተሸነፈ፤ ወታደሮቹም መሣሪያቸውን እየጣሉ ሸሹ። ፕሉታርክ እንደሚለው ክራሰስ መጀመሪያ የሸሹትን 500 ለይቶ፣ አስር አስር እያደረገ በ50 ቡድን ከፈላቸው፤ ከየቡድኑ ዕጣ የወጣበት አንዱ ሠራዊቱ ሁሉ እያየ ተገደለ። ለረጅም ጊዜ ተትቶ የነበረ ቅጣት ነው፤ ዓላማውም ከስፓርታከስ ይልቅ አዛዣቸውን እንዲፈሩ ነበር። አፒያን የሟቾቹን ቁጥር እስከ 4,000 የሚያደርስ ወሬም ጠቅሷል።

«ቦዩን በሬሳ ሞልቶ መሻገር አይታመንም»

ስፓርታከስ 2,000 ሰው ወደ ሲሲሊ ለማሻገር ከኪልቅያ የባሕር ወንበዴዎች ጋር ተዋውሎ ነበር። እነሱ ስጦታውን ተቀብለው ሸራቸውን ዘርግተው ሄዱ። ክራሰስ ደግሞ የጣሊያንን ጫፍ ከባሕር እስከ ባሕር ቆረጠው፦ ርዝመቱ 55 ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ስፋቱና ጥልቀቱ 4 ሜትር ተኩል ያህል የሆነ ቦይ፣ በላዩም ግንብ። በረዶና ነፋስ በበረታበት ሌሊት አማጺዎቹ አንዱን ክፍል ሞልተው፣ የሠራዊታቸውን ሲሶ አሻገሩ። በምን ሞሉት? ፕሉታርክ በአፈርና በቅርንጫፍ ይላል። ፍሮንቲነስ የተባለው የጦር ስልት ጸሐፊ ግን በታረዱ ምርኮኞችና ከብቶች ሬሳ ይላል። ድራማው የቀየረው የሬሳውን ባለቤት ነው፤ በብርድ ያለቁትን የራሳቸውን ሰዎች አደረገው። ይቅር የሚባል ለውጥ ነው፤ ስፓርታከስን ግን ከታሪኩ ይልቅ ንጹሕ ያደርገዋል።

«ሮማውያን ምርኮኞች እንደ ግላዲያተር ሲፋለሙ ማሳየት የተመልካች ማስደሰቻ ነው»

ከአማጺዎቹ መሪዎች አንዱ ለነበረው ለክሪክሰስ መታሰቢያ ተብሎ የቀረበው ይህ ትዕይንት መሠረት አለው። አፒያን 300 ምርኮኞች ለክሪክሰስ ተሠዉ ይላል፤ ሌላው የጥንት ጸሐፊ ፍሎረስ ደግሞ ስፓርታከስ ለወደቁ አዛዦቹ ምርኮኞችን በቀብር እሳት ዙሪያ ያፋልም እንደነበር ጽፏል። የተሳሳተው ጊዜው ነው። ክሪክሰስ የሞተው ክራሰስ ገና አዛዥ ሳይሆን፣ በ72 ቅ.ል.ክ. በጋርጋኖ ተራራ ነው።

«ጋኒከስ ተሰቀለ፣ ስፓርታከስ ተቀበረ»

ይህ የድራማው ፍጻሜ ነው። በታሪክ ግን የአማጺዎቹ አዛዥ ጋኒከስ ከሌላው አዛዥ ከካስተስ ጋር፣ ከመጨረሻው ውጊያ በፊት በጦር ሜዳ ወደቀ። በዚያ ቀን ከሞቱት 12,300 አማጺዎች ከኋላቸው የቆሰሉት ሁለት ብቻ ነበሩ ይባላል። በመስቀል ላይ የዋሉት ከመጨረሻው ውጊያ የተማረኩት 6,000 ናቸው፤ ከካፑዋ እስከ ሮም በ195 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ ዳር ሲደረደሩ በየ32 ሜትሩ አንድ መስቀል ማለት ነው።

ስፓርታከስ ፈረሱን አርዶ ወደ ክራሰስ ለመድረስ እየታገለ ሁለት የመቶ አለቆችን (ሁለት ሰው) ገደለ፤ እሱ ዘንድ ግን አልደረሰም። ጭኑን በጦር ተወግቶ ተንበርክኮ፣ ጋሻውን ይዞ እስኪከበብ ተዋጋ። አስከሬኑ አልተገኘም። ጋሻ የተጋደመበት መቃብር የደራሲዎቹ ስጦታ ነው።

«ያመለጡት ጥቂቶች ፈጠራ ናቸው»

በድራማው የሚያመልጡት አግሮንና ናሲር በስም ፈጠራ ናቸው፤ ማምለጡ ግን አይደለም። ከሸሹት 5,000 በሮማዊው የጦር አዛዥ በፖምፔ እጅ ሲያልቁ፣ ቀሪዎቹ የቱሪን አካባቢ ይዘው ቆዩ። ያጠፋቸው ከ11 ዓመት ገደማ በኋላ ወደ መቄዶንያ ግዛቱ ሲሄድ ያለፈው ኦክታቪየስ፣ የአውግስጦስ ቄሳር አባት ነው።